በአፉ የሚተነፍሰው ሰው

ለመሆኑ አንድ ሰው በመተንፈሱ ብቻ ሌላውን ሊበድል ይችላልን? ጥያቄው የቀልድ ይመስላል። እኛ በምድር ላይ ያለን ሰዎች የማንቀማማው ነገር የለም፤ መሬት እንቀማማለን፣ ውኃ እንቀማማለን፣ ወንበር እንቀማማለን፣ የታክሲ ተራ እንኳ እንቀማማለን። አየርን ግን እስከ ዛሬ በቁና ሰፍሮ ያደለን፣ አበዛህ ብሎም የከሰሰን የለም። የጎረቤት ማንኮራፋት ከግድግዳው ወዲህ ቢሰማ እንቅልፍ ይነሳ እንደሆነ እንጂ የማንንም ትንፋሽ አይቀንስም። ከአባቶች የወረስነውም ሆነ ከመጻሕፍት የቀሰምነው የበጎና የክፉ ትምህርት ሁሉ የተነገረው አየር እንደ ልብ በሚገኝበት ዓለም ውስጥ ነው። «አትስረቅ» ያለው ሕግ «ከወንድምህ ድርሻ አትተንፍስ» የሚል አንቀጽ መጨመር አላስፈለገውም።

ይህን ጥያቄ ከቀልድ አውጥቶ ከፊታችን የሚገትረው እንግዲህ የኮምፒዩተር ጨዋታ ነው። «የልጆች መጫወቻ ምን ቁም ነገር ይወጣዋል?» የሚል አንባቢ እንደማይጠፋ አውቃለሁ። ይሁንና ገበጣም ሆነ ሰንጠረዥ የፈለሰፋቸውን ማኅበረሰብ አስተሳሰብ በሆዳቸው ይዘው ነው የሚዞሩት፤ ሰንጠረዥ የተጫወተ ሰው ንጉሥን ለማትረፍ ወታደር መገበር ተፈጥሯዊ መስሎ ይታየዋል። በየቤቱ ወጣቱ ሌሊት የሚያነጋበት መጫወቻ ምን መስሎ እንዲታየው እያደረገ እንደሆነ መጠየቅ ነውር አይመስለኝም።

ጨዋታው «ኦክስጅን ኖት ኢንክሉድድ» ይባላል። በአማርኛ «ኦክስጅን ከዕቃው ጋር አይሰጥም» እንደ ማለት ነው፤ በልጆች መጫወቻ ካርቶን ላይ «ባትሪ ለብቻ ይገዛል» ተብሎ የሚጻፈውን ማሳሰቢያ መቀለዱ ነው። ያዘጋጀው መቀመጫው በካናዳ፣ ቫንኩቨር ከተማ የሆነ ክሌይ ኢንተርቴይንመንት የተባለ ድርጅት ሲሆን፣ ተጠናቅቆ የወጣው በ2019 ነው። (በዚህ ጽሑፍ የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ተጫዋቹ በጠፈር በሚንሳፈፍ አለት ሆድ ውስጥ ከሦስት ሰዎች ጋር ይጀምራል። ከሦስት ሰዎች ጋር አልኩ እንጂ እሱስ ከመካከላቸው የለም፤ ከላይ ሆኖ ያያል፣ ያዝዛል። ቆፍሩ ሲል ይቆፍራሉ፤ አልጋ ዘርጉ፣ መጸዳጃ ሥሩ፣ ምግብ አብስሉ ሲል ይታዘዛሉ። የማይታዘዘው አየሩ ብቻ ነው። በአለቱ ውስጥ የተገኘው ኦክስጅን ጥቂት ነው፤ ያልቃል።

የጨዋታው ሠሪዎች ተፈጥሮን ለመምሰል ብዙ ደክመዋል። ካርቦን ዳይኦክሳይድ ከባድ ስለሆነ ወደ ወለሉ ይወርዳል፣ ከታችኛው ጉድጓድም ይጠራቀማል፤ ሃይድሮጅን ቀላል ስለሆነ ጣሪያውን ይዞ ይቀራል። ሞተር በሠራ ቁጥር ይግላል፤ ሙቀቱም መውጫ ስለሌለው እየተከማቸ ሄዶ ከብዙ ቀን በኋላ ሰብሉን ያበላሻል። ውኃን በኤሌክትሪክ ኃይል የሚከፍል መሣሪያ አለ፤ በየሴኮንዱ አንድ ኪሎ ውኃ ይውጥና 888 ግራም ኦክስጅንና 112 ግራም ሃይድሮጅን ያወጣል። የኬሚስትሪ ትምህርቱን ያልረሳ አንባቢ እንደሚያስታውሰው፣ ይህ ውኃ ከሁለቱ የተሠራበት ትክክለኛው የክብደት ክፍፍል ነው። አንድ ሰው ደግሞ በሴኮንድ 100 ግራም ኦክስጅን ይተነፍሳል። ሒሳቡ ቀላል ነው፤ አንዱ መሣሪያ ስምንት ሰው ያኖራል፣ ለዘጠነኛው ጥቂት ያጥረዋል።

ነገሩ የሚከረው እዚህ ላይ ነው። በየሦስት ቀኑ (የጨዋታው አንድ ቀን አሥር ደቂቃ ነው) በሰፈራው መካከል የቆመው ማተሚያ አዲስ ሰው አትሞ ለማውጣት ይሰናዳል። እጩዎች ይቀርባሉ። ተጫዋቹ አንዱን ይቀበላል፣ ወይም በሰው ፈንታ የቀረበለትን ዕቃ ይወስዳል፣ ወይም ሁሉንም ይመልሳል። እያንዳንዱ እጩ ከነስሙ፣ ከነችሎታውና ከነጉድለቱ ተዘርዝሮ ይታያል። አንዱ በቁፋሮ ብርቱ ነው፤ ግን ሥራ ላይ ሳለ ድንገት እንቅልፍ ይጥለዋል። ሌላዋ ባለሙያ ምግብ አብሳይ ናት፤ ግን ሆዷ አይጠግብም። ከሁሉም የሚያሳዝነኝ ጨዋታው «በአፉ ተንፋሽ» ብሎ የሚጠራው ነው። ይህ ሰው ጥፋት የለበትም። አይሰርቅም፣ አይጣላም፣ ሥራ አይለግምም። ሌሎቹ 100 ግራም በሚተነፍሱበት ሴኮንድ እሱ 200 ግራም ይተነፍሳል፤ ሌላ ኃጢአት የለበትም። ልምድ ያለው ተጫዋች ይህን ሰው ስሙን እንኳ ሳያነብ ያልፈዋል።

ማለፉ ነውር ነውን? ያልታተመ ሰው ገና ሰው አይደለም፤ ደጅ ላይ ቆሞ አያለቅስም፣ እናት የለችውም። ተጫዋቹ ማንንም አልገደለም። በዚህ በኩል ክርክር የለኝም። እኔን የሚያሳስበኝ ዓይኑ የሚለምደው ልማድ ነው። በአገራችን የመሸበት መንገደኛ «የእግዜር እንግዳ ነኝ» ብሎ ደጅ ሲቆም፣ ባለቤቱ ከየት እንደመጣ ይጠይቀው ይሆናል እንጂ ስንት እንጀራ እንደሚበላ አይጠይቀውም። እርግጥ ነው፣ ይህ ደግነት የቆመበት መሠረት አለው፤ እንግዳው ሲነጋ መንገዱን ይቀጥላል። በአለቱ ውስጥ ግን የገባ አይወጣም። ዛሬ የተቀበልኩት ሰው ነገም፣ ከመቶ ቀን በኋላም እዚያው ይተነፍሳል። ስለዚህ «ግባ» ከማለት በፊት መቁጠር የንፉግ ጠባይ ብቻ አይደለም። የሚቆጥር ሰው ምን ምን እንደሚቆጥርና ምን እንደሚዘነጋ ግን መታየት አለበት።

በ2018 የወጣው ሌላው ጨዋታ፣ «ሰርቫይቪንግ ማርስ»፣ ነገሩን ከዚህም አቅርቦ ያሳያል። ያዘጋጁት የቡልጋሪያ ሰዎች ናቸው፤ ሄሚሞንት ጌምስ ይባላሉ። እዚህ ላይ ሰዎቹ በማተሚያ የሚወጡ ቅጂዎች አይደሉም፤ ከምድር ወደ ማርስ ለመሄድ ያመለከቱ ሰዎች ናቸው። ተጫዋቹ የማመልከቻውን መዝገብ ያጣራል፤ ሰካራም ይቅር፣ ቁማርተኛ ይቅር፣ ሰነፍ ይቅር፣ ሽማግሌ ይቅር። በመስታወት ጉልላት ሥር የሚኖሩት ሰዎች ደግሞ ያረጃሉ፤ ያረጀ ሰው ሥራ ያቆማል፣ መብላትና መተንፈሱን ግን አያቆምም። ተጫዋቹ «በዚህ ጉልላት ሽማግሌ አይግባ» ብሎ ምልክት ማድረግ ይችላል። ጨዋታው ይህን አድርግ ብሎ አያስገድድም፤ ምልክቱን ግን ከውኃና ከመብራት መቆጣጠሪያው ጋር አንድ ላይ አስቀምጦለታል።

«ሪምወርልድ» የሚባለውን ለማንሳት አመንትቼ ነበር፤ ግን ለጉዳዩ ይጠቅማል። ከጠፈር መርከብ አደጋ የተረፉ ሰዎች በሩቅ ፕላኔት ላይ ጎጆ ቀልሰው ለመኖር ሲታገሉ የሚያሳይ ሲሆን፣ ታይናን ሲልቬስተር የተባለ ካናዳዊ የጀመረው ሥራ ነው። እዚያ ተጫዋቹ የምርኮኛን ኩላሊት አውጥቶ መሸጥ ይችላል። ይህን ሲያደርግ የሰፈሩ ሰዎች ሕሊና ይቆስላል። ቁስሉም በቁጥር ተለክቶ ከስሜታቸው ይቀነሳል፤ ቀናት ካለፉ በኋላ ይሻራል። ሕሊና የሌለው ሰው፣ ጨዋታው ራሱ እንዲህ ያለውን በስሙ ይመዘግበዋል፣ ምንም አይቀነስበትም። በመሆኑም ለጨካኝ ተጫዋች ርኅራኄ የሌለው ሰው ከሁሉ የሚመረጥ ሠራተኛ ሆኖ ያርፋል። ሕሊና እንደ ኦክስጅን በግራም ሲለካ መጨረሻው ይኸው ነው።

እነዚህን ጨዋታዎች የሚወዱ ሰዎች ሲወቀሱ የሚሰጡት መልስ አንድ ነው፤ «እውነታው ይህ ነው» ይላሉ። በጠፈር ላይ ርኅራኄ አየር አይሆንም፤ ጨዋታው የሚያስተምረው ተፈጥሮ የምታስተምረውን ነው ባይ ናቸው። ይህን መልስ በቀላሉ ማለፍ አይገባም። እስቲ ሒሳቡን እንመርምረው።

በጨዋታው ውስጥ ያለው ሰው በሴኮንድ 100 ግራም ኦክስጅን ይስባል፤ የሚያስወጣው ካርቦን ዳይኦክሳይድ ግን 2 ግራም ብቻ ነው። ቀሪው 98 ግራም የት ገባ? የትም። ጠፋ። ውኃን ሲከፍል ግራም ያላጎደለው ጨዋታ፣ ሰው ላይ ሲደርስ ሚዛኑን ጣለው። እውነተኛው ሰው እንዲህ አይደለም። አንድ ሰው በቀን 840 ግራም ገደማ ኦክስጅን ይስባል፤ አንድ ኪሎ ያህል ካርቦን ዳይኦክሳይድም ያስወጣል። ከሳበው ኦክስጅን አብዛኛው በዚያው በሚያስወጣው ውስጥ አለ፤ ተክል ወይም መሣሪያ መልሶ ሊፈታው ይችላል። ሽንቱና ላቡም ውኃ ነው፤ የናሳ ባለሙያዎች በ2023 እንዳስታወቁት፣ በዓለም አቀፉ የጠፈር ጣቢያ ሰዎች ከሚጠቀሙበት ውኃ 98 ከመቶው ተጣርቶ ይመለሳል። ሰው እንግዲህ አየርና ውኃ በእሱ በኩል የሚያልፍበት የዑደት አንድ አንጓ ነው። በጨዋታው ግን ጎተራ ላይ የተበሳ ቀዳዳ ሆኖ ይታያል። (ለፍትሕ ያህል፣ በመጸዳጃ ቤቱ በኩል ነገሩ ተገላብጧል፤ 5 ኪሎ ውኃ ገብቶ 11.7 ኪሎ ቆሻሻ ውኃ ይወጣል። በአንድ እጁ የነፈገውን በሌላው እጁ ይመጸውታል።)

ይህን የማነሳው የጨዋታውን ሠሪዎች ስህተት ለመልቀም አይደለም። ሁሉን ነገር መምሰል ያለበት ጨዋታ ጨዋታ መሆኑ ይቀራል። ነገር ግን ሰውን ከሰጪነቱ አራቁቶ በተቀባይነቱ ብቻ መቁጠር የሠሪው ምርጫ ነው፤ ተፈጥሮን ምስክር አድርጎ ሊጠራበት አይችልም። በአፉ የሚተነፍሰው ሰው ሸክም የሆነው ሁለት እጥፍ ስለሳበ ነው፤ ሁለት እጥፍ መልሶ ቢሆን ኖሮ ለሰፈራው የአትክልት ቦታ በረከት በሆነ ነበር።

ይህ ዓይነቱ «የግድ ነው» የሚል ሒሳብ ከኮምፒዩተር ጨዋታ በፊትም ነበረ። በ1954 ቶም ጎድዊን የተባለ አሜሪካዊ «ዘ ኮልድ ኢኩዌሽንስ» የሚል አጭር ልብ ወለድ አሳተመ፤ «ቀዝቃዛዎቹ ስሌቶች» ልንለው እንችላለን። በሩቅ ፕላኔት ለታመሙ ሰዎች መድኃኒት የምታደርስ ትንሽ መንኮራኩር አለች። ነዳጇ ለአብራሪውና ለጭነቱ ብቻ ተለክቶ የተሰጠ ነው። አንዲት የ18 ዓመት ልጃገረድ ወንድሟን ለማየት ጓጉታ ተደብቃ ትሳፈራለች። ክብደቷ ከስሌቱ በላይ ስለሆነ ወደ ባዶው ጠፈር መጣል አለባት፤ ትጣላለችም። ጸሐፊው ልጅቷን የሚያድን ዘዴ እየፈለሰፈ ቢልክ፣ የመጽሔቱ አዘጋጅ ጆን ካምፕቤል «አይሆንም፣ መሞት አለባት» እያለ ደጋግሞ እንደመለሰበት ይተረካል።

ልጅቷን ማን ገደላት? ታሪኩ እንዲያሳምነን የሚፈልገው ተፈጥሮ ናት፤ ቁጥር ናት፤ ማንም አይደለም። ግን መለስ ብለን እንይ። የሰው ነፍስ ባደራ የተሰጣት መንኮራኩር ትርፍ ነዳጅ እንዳይኖራት የወሰነው ማን ነው? በሯ ላይ «ያልተፈቀደለት እንዳይገባ» የሚል ጽሑፍ ብቻ ለጥፎ ቁልፍ ያላበጀለት ማን ነው? ከመነሳቷ በፊት ውስጧን ሳይፈትሽ የላካትስ? የካናዳ ተወላጅ የሆነው ደራሲ ኮሪ ዶክቶሮው በ2014 ይህን ታሪክ አጥብቆ ነቅፎታል፤ እኔም በዚህ ከእሱ ጋር ነኝ። ስሌቱ የቀዘቀዘው በጠፈር ላይ ሳይሆን ቢሮ ውስጥ፣ ወንበር ላይ የተቀመጠ ሰው ትርፉን ሲሰርዝ ነው። ካምፕቤልም ራሱ ልጅቷ እንዳትድን የከለከለ አንድ የቢሮ ሰው ነበር።

ከልብ ወለድ ወደ እውነት እንምጣ። በሚያዝያ 1970 አፖሎ 13 ወደ ጨረቃ ሲጓዝ የኦክስጅን ታንኩ ፈነዳ። ሎቭል፣ ስዊገርትና ሄይዝ የተባሉት ሦስት ጠፈርተኞች ጨረቃ ላይ ልታርፍ ወደ ተዘጋጀችው ትንሽ መንኮራኩር ተሸጋገሩ። መንኮራኩሯ የተሠራችው ለሁለት ሰው፣ ለሁለት ቀን ገደማ ነበር። ሦስት ሰው ለአራት ቀን ያህል ልትሸከም ግድ ሆነባት። ቀዝቃዛው ስሌት እዚህ ቢጠራ መልሱ ግልጽ ነበር፤ ሦስተኛው ሰው ትርፍ ነው። በሂዩስተን የተቀመጡት መሐንዲሶች ግን «ከሦስቱ ማን ይቅር?» ብለው ስብሰባ አልተቀመጡም። ያስጨነቃቸው ከኦክስጅኑ ይልቅ ከሰዎቹ አፍ የሚወጣው ካርቦን ዳይኦክሳይድ ነበር፤ የሚያጣሩት ሣጥኖች የትልቋ አራት ማዕዘን፣ የትንሿ ክብ ሆነው አልገጥም አሉ። በፕላስቲክ ከረጢት፣ በካርቶን፣ በልብስ ቱቦና በማጣበቂያ ፕላስተር አገጣጠሟቸው። ሰዎቹ ውኃ በጉንጭ እየተካፈሉ፣ በብርድ እየተንቀጠቀጡ፣ ሦስቱም ሚያዝያ 17 ቀን ተመለሱ።

አንባቢ «ብልሃት ስለተገኘ ነው» ይል ይሆናል። እውነት ነው፤ ግን ብልሃቱ ከባዶ አልመጣም። ትንሿን መንኮራኩር እንደ ነፍስ አድን ጀልባ የመጠቀም ሐሳብ ከአደጋው በፊት ምድር ላይ ተጠንቶ ነበር። አደጋውም ቢሆን ከሰማይ አልወረደም። በታንኩ ውስጥ የነበሩት የማሞቂያ ማብሪያ ማጥፊያዎች ለ28 ቮልት የተሠሩ ሲሆኑ፣ መሬት ላይ ሳሉ 65 ቮልት ተለቀቀባቸው፤ መቀየር ሲገባቸው ሳይቀየሩ ታለፉ። የጠፋውም የዳነውም ከጉዞው በፊት በተሠራ ወይም ባልተሠራ ሥራ ነው።

እዚህ ላይ ጨዋታውን ላመስግነው። «ኦክስጅን ኖት ኢንክሉድድ» ከጎድዊን ልብ ወለድ ይልቅ ሐቀኛ ነው፤ ምክንያቱም ተጫዋቹን ከወንበሩ አያስነሳውም። በስልሳኛው ቀን ሰው ታፍኖ ሲሞት፣ ምክንያቱን ፈልጎ ወደ ኋላ ቢሄድ ራሱን ያገኘዋል። በሃያኛው ቀን ውኃ ሳይፈልግ ሦስት ሰው ተቀብሏል፤ በሠላሳኛው ቀን የአየር መሣሪያውን ትቶ ያማረ መመገቢያ አዳራሽ ሠርቷል፤ በአርባኛው ቀን አልጌው ማለቁን እያየ «ይቆየኝ» ብሏል። ሟቹ ጓዶች ነበሩት፤ ያለቅሱለታል፣ ሐዘናቸውም ሥራቸውን ያውካል። አዋቂ የሚባለው ተጫዋች ማንን እንደሚጥል ሲያሰላስል አይገኝም፤ መጣል የሚያስፈልግበት ቀን እንዳይመጣ አስቀድሞ የሠራ ነው። መሣሪያው ለስምንት በሚበቃበት ስድስት ሰው ይዞ የሚኖር ተጫዋች፣ በአፉ የሚተነፍሰውንም ሊቀበለው ይችላል።

በባዕድ ቋንቋ አንድ የሆነውን ቃል አማርኛ ሁለት አድርጎ ይዞታል፤ ቅኝ ግዛትና ሰፈራ። በእነዚህ ጨዋታዎች ያለው ሁለተኛው ነው። ሰፈራ የሚለውን ቃል ስንሰማ ግን አብዛኞቻችን ማርስን አናስብም። ከ1984 እስከ 1986 ባለው ጊዜ ወደ 600 ሺህ የሚጠጋ ሕዝብ ከወሎ፣ ከትግራይና ከሸዋ እየተጫነ ወደ ወለጋ፣ ወደ ኢሉባቦር፣ ወደ ከፋና ወደ መተከል ተወስዷል። ብዙው ያለ ፈቃዱ ነበር። ደገኛው ገበሬ ወባ ከሚፈላበት ቆላ ሲወርድ፣ ጎጆውም፣ ክሊኒኩም፣ ንጹሕ ውኃውም ከእሱ በኋላ የሚመጡ ነበሩ። የሰው ቁጥር ቀደመ፤ መኖሪያው ተከተለ። ለሞቱት ሰዎች አየሩ ከፋ፣ በሽታው በረታ ተባለ። ከላይ ሆኖ የሚያዝዝ፣ ከመካከላቸው ግን የሌለ እጅ ምን እንደሚመስል ለማወቅ እኛ የኮምፒዩተር ጨዋታ አያስፈልገንም ነበር።

አሁን የከበደውን መቃወሚያ ልመልከት። ሁሉም ነገር አስቀድሞ ቢታሰብም አንዳንድ ጊዜ በእውነት አይበቃም። ትርፉ ያልቃል፤ ብልሃቱም ይጠፋል። ያኔስ? በ1884 ሚኞኔት የተባለች የእንግሊዝ ጀልባ ሰጥማ አራት ሰዎች በትንሽ ታንኳ በውቅያኖስ ላይ ቀሩ። ከሁለት ሳምንት ተኩል በላይ ከተንገላቱ በኋላ ካፒቴኑ ዱድሊና ረዳቱ ስቲቨንስ፣ የባሕር ውኃ ጠጥቶ የደከመውን የ17 ዓመት አሽከር፣ ሪቻርድ ፓርከርን፣ ገደሉና በሉት። ከቀናት በኋላ መርከብ አገኘቻቸው። ፍርድ ቤቱ ረኃባቸውን አልካደም፤ ሆኖም «ግድ ሆነብን» የሚለውን መከላከያ ሳይቀበል በሞት ቀጣቸው፤ ቅጣቱ ኋላ ወደ ስድስት ወር እስራት ተለወጠ። ዳኞቹን ያስጨነቃቸው አንዱ ነገር የማን ነፍስ እንደምትበልጥ የሚመዝነው ማን ነው የሚል ነበር። በታንኳው ውስጥ ሚዛኑን የያዙት የሚድኑት ራሳቸው ናቸው፤ የተመረጠውም ከሁሉ ትንሹና ደካማው ሆኖ ተገኘ። በጨዋታው ደግሞ ሚዛኑን የያዘው ጨርሶ የማይተነፍስ ነው። የመጀመሪያው ዳኛ ጥቅሙ ያሳውረዋል፤ ሁለተኛው ምንም ስለማይነካው አይታየውም። በበኩሌ ከሁለቱ ለአንዳቸውም ነፍሴን ባደራ አልሰጥም።

በዚህ ረገድ አንድ ከጨዋታም ከልብ ወለድም የሚልቅ ምስክር አለ። በመስከረም 1991 በአሜሪካ፣ በአሪዞና በረሃ «ባዮስፌር 2» በተባለ 1.27 ሄክታር በሚሸፍን የመስታወት ቤት ውስጥ ስምንት ሰዎች ለሁለት ዓመት ተዘጉ። የሚበሉትን ማምረት፣ የሚተነፍሱትንም በተክሎቻቸው ማደስ ነበረባቸው። አየሩ ላይ ያለው ኦክስጅን ከ20.9 ከመቶ እየወረደ በ16 ወር ውስጥ ወደ 14.5 ከመቶ ገደማ ደረሰ። ሰዎቹ የተቀመጡበት ሳይነቃነቅ ሳነቲ አምባ ላይ የወጡ ያህል ሆኑ፤ ደረጃ መውጣት አቃታቸው፣ ሌሊት ትንፋሽ እያጠራቸው ይባንኑ ነበር። ከስቷል ሁሉም። ተጣልተውም ነበር፤ አራት አራት ሆነው ተከፍለው አይነጋገሩም።

ኦክስጅኑን የወሰደው ማን ነበር? ከስምንቱ በአፉ የሚተነፍስ አልተገኘም። ሰብል እንዲያፈራ ተብሎ ከመጠን በላይ የዳበረው አፈር ውስጥ ያሉት ረቂቅ ተሕዋስያን ኦክስጅኑን ይፈጁት ነበር፤ እነሱ ያወጡትን ካርቦን ዳይኦክሳይድ ደግሞ የቤቱ ኮንክሪት እየመጠጠ ወደ ድንጋይነት ይለውጠው ስለነበር ለተክሎቹ ሳይደርስ ቀረ። ግድግዳው ነበር የሚተነፍሰው! ይህን የደረሱበት የኮሎምቢያ ዩኒቨርሲቲ ተመራማሪዎች ናቸው። በጥር 1993 ከውጭ ኦክስጅን ተጨመረላቸውና እስከ መስከረም ቆይተው ስምንቱም በእግራቸው ወጡ። በዚያን ጊዜ ኦክስጅን በመጨመሩ የተሳለቁ ብዙዎች ነበሩ፤ ሙከራው ተጭበረበረ፣ ሕጉ ፈረሰ አሉ። ቤቱ እንደተዘጋ ሰው ቢታፈን ኖሮ ሙከራው ንጹሕ ይሆን ነበር ማለታቸው ነው። የማይነጋገሩት አራትና አራት ሰዎች እንኳ እርስ በርስ ይህን አልተመኙም።

ይህ ሁሉ ነገ ከነገ ወዲያ የሚመጣ ጉዳይ ነው ብሎ መተው ይቻላል። የኤዲንብራ ዩኒቨርሲቲው ሳይንቲስት ቻርልስ ኮከል ግን ከምድር ውጭ ስለሚኖር ሰው ነፃነት ደጋግመው ጽፈዋል፤ አየሩን የሚያመርተውን መሣሪያ የያዘ ሰው ወይም ድርጅት ከየትኛውም የምድር አምባገነን የበለጠ ሥልጣን እንደሚይዝ ያስጠነቅቃሉ። በምድር ላይ የተበደለ ሰው ቢያንስ እግር አለው። ጭሰኛው ባለርስቱ ሲከፋበት ጓዙን ጠቅልሎ ይሄድ ነበር፤ የታሰረው ይሸፍታል፣ የተራበው ይሰደዳል። በማርስ ጉልላት ውስጥ በሩን ከፍቶ የሚወጣ የት ይሸፍታል? «ለአየር የማይከፍል፣ ለአየር የማይሠራ» የሚል ማስታወቂያ በተለጠፈ ዕለት ተቃውሞ ማሰማት ራሱ ትንፋሽ ይጠይቃል። ያን ጊዜ መዝገቡን የሚይዘው ሰው ዛሬ በልጅነቱ የትኛውን ጨዋታ እየተጫወተ እንደሆነ ባውቅ ደስ ይለኝ ነበር። ስድስት ሰው ይዞ ለስምንት የሚያዘጋጀው ተጫዋች ቢሆን እመርጣለሁ።

እስካሁን ሰው በማርስ ላይ የሠራው ኦክስጅን ሁሉ ተደምሮ 122 ግራም ነው። ፐርሲቪራንስ በተባለችው ተሽከርካሪ ላይ የተገጠመ «ሞክሲ» የሚሉት መሣሪያ ከ2021 እስከ 2023 ድረስ 16 ጊዜ ተነስቶ ከፕላኔቷ ስስ አየር ያወጣው ነው። ለአንድ ሰው ሦስት ሰዓት ተኩል ያህል ያስተነፍሳል፤ በአፉ ለሚተነፍሰው ለሁለት ሰዓትም አይሞላ።